ስምንት ዓመት ተለያይተው የኖሩ ባልና ሚስት ስድስት ወር ደግሞ ለምን ይጠብቃሉ? በሕንድ የሂንዱ ጋብቻ ሕግ የታየ አንድ የስምምነት ፍቺ (የጉዳይ ጥናት)

ጉዳዩ ለምን ተመረጠ

በስምምነት የሚፈጸም ፍቺ ከፍቺ ሁሉ የቀለለ ይመስላል። ተከራካሪ የለም፣ ምስክር አይቆጠርም፣ ዳኛው የሁለቱን ፈቃድ አረጋግጦ ያጸድቃል። ያም ሆኖ ብዙ አገሮች በመሃል የማሰላሰያ ጊዜ ያስገባሉ። ትናንት ተጣልተው ዛሬ ፍርድ ቤት ለመጡ ባልና ሚስት ይህ ጊዜ ትዳር ሊያድን ይችላል። ከተለያዩ ዓመታት ላለፏቸው፣ ንብረቱንም ልጆቹንም በሚመለከት ተስማምተው ለጨረሱትስ ምን ይጠቅማል? የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለዚህ ጥያቄ መልስ የሰጠው ሴፕቴምበር 12 ቀን 2017 ነው፤ በእኛ አቆጣጠር መስከረም 2 ቀን 2010 ዓ.ም. መሆኑ ነው። ከዚህ በታች ያሉት የሕንድ ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ፍርዱ የታተመ ስለሆነ የባለጉዳዮቹ ስም ምስጢር አይደለም። ስማቸውን መጥራት ግን ለትምህርቱ የሚጨምረው ነገር ስለሌለ «ባል» እና «ሚስት» እያልኩ እቀጥላለሁ። ጉዳዩን ብዙ ሰው የሚያስታውሰው ሕጉን ስለለወጠ ነው። እኔን ይበልጥ የሳበኝ ባለጉዳዮቹ ፍርድ ቤት ከመግባታቸው በፊት የሠሩት ሥራ ነው።

ባልና ሚስቱ

በ1994 ዴልሂ ውስጥ ተጋቡ፤ ሁለት ልጆችም ወለዱ። በ2008 ተለያዩ። ያኔ ታናሹ ልጅ ገና አምስት ዓመት ገደማው ነበር። ከዚያ በኋላ በመካከላቸው የፍትሐ ብሔርም የወንጀልም ክሶች ተከፈቱ።

በሕንድ የትዳር ጸብ ፍርድ ቤት ሲደርስ በአንድ መዝገብ አያልቅም። ሚስት በአንዱ ችሎት ቀለብ ትጠይቃለች፣ በሌላው በ2005 በወጣው የቤት ውስጥ ጥቃት መከላከያ ሕግ ጥበቃ ትጠይቃለች፣ ለፖሊስ ደግሞ በቀድሞው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 498ኤ ባልና ዘመዶቹ አንገላቱኝ ስትል አቤት ልትል ትችላለች። ባል በበኩሉ በጭካኔ ወይም ጥሎ በመሄድ ምክንያት የፍቺ ክስ ይመሠርታል። መዝገቡ በበዛ ቁጥር ቀጠሮው ይበዛል፣ የጠበቃ ወጪው ይከመራል፣ ልጆቹም በዚያ መሃል ያድጋሉ። የእነዚህ ባልና ሚስት ጸብም ከመለያየት እስከ ስምምነት ወደ ዘጠኝ ዓመት ገደማ ፈጅቷል።

ሕጉ ምን ይል ነበር

በጥንቱ የሂንዱ አስተሳሰብ ጋብቻ ቅዱስ ሥርዓት እንጂ ውል አይደለም። በብዙ ቦታ ሙሽሮቹ በተቀደሰው እሳት ፊት ሰባት እርምጃ ይራመዳሉ፤ ሰባተኛው እርምጃ ሲፈጸም ጋብቻው እንደሚጸና ዛሬም በሕጉ አንቀጽ 7 ተጽፏል። በ1955 የወጣው የሂንዱ ጋብቻ ሕግ ሂንዱዎችን፣ ቡድሂስቶችን፣ ጃይኖችንና ሲኮችን ያቅፋል። ፍቺን ሲፈቅድም በመጀመሪያ አንዱ ወገን የሌላውን ጥፋት ወይም ሌላ የተቆጠረ ምክንያት እንዲያስረዳ ይጠይቅ ነበር። ተስማምቶ መፋታት በ1954ቱ ልዩ የጋብቻ ሕግ ለተጋቡ ተፈቅዶ ሳለ፣ በሂንዱ ጋብቻ ሕግ ለተጋቡት አልተፈቀደም ነበር። ክፍተቱ የተሞላው በ1976 በተደረገ ማሻሻያ ሲሆን፣ የገባው አንቀጽ 13ቢ ነው።

አንቀጹ ሁለት ደረጃ አለው። በመጀመሪያው ባልና ሚስት በጋራ አቤቱታ ያቀርባሉ። ቢያንስ ለአንድ ዓመት ተለያይተው መኖራቸውን፣ አብሮ መኖር እንዳልቻሉና ጋብቻው እንዲፈርስ መስማማታቸውን ይገልጻሉ። «ተለያይተው» ሲባል የግድ በሁለት ቤት ማለት አይደለም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1991 እንዳለው፣ በአንድ ጣሪያ ሥር ሆነው እንደ ባልና ሚስት የማይኖሩም ተለያይተዋል። ሁለተኛው ደረጃ አቤቱታው ከቀረበ ከስድስት ወር በፊት፣ ከአሥራ ስምንት ወርም በኋላ ሊሆን አይችልም። ሁለቱም ተመልሰው በፈቃዳቸው እንደጸኑ ሲያረጋግጡ፣ ዳኛው ሰምቶና መርምሮ የፍቺ ፍርድ ይሰጣል። በዴልሂ ጠበቆች አነጋገር የመጀመሪያው «ፈርስት ሞሽን»፣ የኋለኛው «ሴከንድ ሞሽን» ይባላል።

በሁለቱ መካከል ያለው ስድስት ወር የማሰላሰያ ጊዜ ነው። የጉዳያችን ጥያቄ ይህ ጊዜ አስገዳጅ ነው ወይስ ዳኛው እንደ ሁኔታው ሊያሳጥረው ይችላል የሚል ነበር።

ችግሩ

የቤተሰብ ችሎት ዳኞች «እጃችን ታስሯል» ይሉ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2009 በሰጠው ፍርድ ይህን ጊዜ የማለፍ ሥልጣን የራሱ ብቻ እንደሆነ አስታውቋል፤ ምንጩም «ሙሉ ፍትሕ» ለማድረግ ሥልጣን የሚሰጠው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 142 ነው። በ2010 ደግሞ ሌላ ችሎት፣ ይህ ሥልጣን ሕግ በግልጽ የደነገገውን ለመሻር አይውልም አለ። እንዲያም ሆኖ ከዚያ በኋላ በ2016 ጭምር ጊዜው እንዲታለፍ የተፈቀደባቸው ጉዳዮች ነበሩ።

የዚህ መዘዝ የሚወድቀው በተራው ባለጉዳይ ላይ ነው። ስድስት ወር ለመቆጠብ የሚፈልግ ሰው የአገሪቱ የመጨረሻ ፍርድ ቤት ድረስ መውጣት ነበረበት። ለዚያ የሚሆን ገንዘብና ጠበቃ ያለው ስንት ሰው ነው? ለሀብታም የተከፈተ በር ለድሃ ሲዘጋ እንደማየት ያለ ነገር ነው፤ ይህ ጉዳይ ካስተካከላቸው ነገሮች ትልቁ ይህ ይመስለኛል።

የተወሰዱት እርምጃዎች

ባልና ሚስቱ ኤፕሪል 28 ቀን 2017 ጸባቸውን በሙሉ በስምምነት ዘጉ። ባል ለሚስት በቋሚ ቀለብ መልክ 27.5 ሚሊዮን ሩፒ እንዲከፍል፣ በሕንዶች አቆጣጠር 2 ክሮር ከ75 ላክ ማለት ነው፣ ተስማሙ። ልጆቹ ከአባታቸው ጋር እንዲሆኑም ወሰኑ። ከዚያ በኋላ ነው በዴልሂ ቲስ ሃዛሪ ፍርድ ቤት ለሚያስችለው የምዕራብ ዴልሂ የቤተሰብ ችሎት የጋራ አቤቱታ ያስገቡት።

ሜይ 8 የሁለቱም ቃል ተመዘገበ። ይህ ደረጃ ከውጭ ለሚያየው ተራ ሥነ ሥርዓት ይመስላል፤ ነገር ግን የጉዳዩ ልብ እዚህ ነው። እያንዳንዱ ወገን በመሐላ ቀርቦ መቼ እንደተጋባ፣ ከመቼ ጀምሮ እንደተለያየ፣ በምን እንደተስማማ፣ ማንም እንዳላስገደደውም ይናገራል። ቃሉ ይጻፋል፣ ይፈርምበታል። በዚህ መዝገብ ላይ አንድ ተጨማሪ ነገር ነበር፤ ከቀለቡ በከፊል የሚሸፍኑ ሁለት ቼኮች ለሚስት ተሰጥተው ገንዘቡ በትክክል ተከፍሏል። ስለዚህ ስምምነቱ መፈጸም የጀመረ ስምምነት ነበር።

ቀጥሎ ስድስት ወሩ እንዲታለፍላቸው ጠየቁ። ምክንያታቸው አጭር ነው፤ ከስምንት ዓመት በላይ ተለያይተናል፣ የመታረቅ ተስፋ የለም፣ መዘግየቱ እያንዳንዳችን ሕይወታችንን እንደገና እንዳንጀምር ያደርገናል። በነበረው ሕግ ይህን ሊፈቅድ የሚችለው ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ብቻ ነው ብለው ስላመኑ ወደዚያው አመለከቱ።

ጉዳዩን ያዩት ዳኛ አዳርሽ ኩማር ጎዬል እና ዳኛ ኡዳይ ኡሜሽ ላሊት ነበሩ። ሁለቱም ባለጉዳዮች አንድ ነገር ስለሚፈልጉ ተቃራኒ ክርክር የሚያቀርብ ወገን አልነበረም። በዚህ የተነሳ ፍርድ ቤቱ ከፍተኛ ጠበቃ ኬ.ቪ. ቪስዋናታንን የችሎቱ ረዳት ሆነው የሕግ አስተያየት እንዲሰጡ ጋበዘ። ጠበቃው ከተጠየቁት አልፈው ሄዱ። ጉዳዩ የአንቀጽ 142 ሳይሆን የአንቀጽ 13ቢ አተረጓጎም ጉዳይ ነው፤ ስድስት ወሩ አስገዳጅ ሳይሆን ለዳኛው መመሪያ ሰጪ ነው፤ ስለዚህ ጉዳዩን የያዘው ችሎት ራሱ ሊያልፈው ይችላል አሉ። ዳኛው ምን ምን መጠየቅ እንዳለበትም ዘረዘሩ፤ ጋብቻው ስንት ዘመን ቆየ፣ ክርክሩ ከመቼ ጀምሮ ነው፣ ተለያይተው ስንት ጊዜ ሆናቸው፣ ሌላ ክስ አለ ወይ፣ ሽምግልና ሞክረዋል ወይ፣ ስምምነቱ ቀለብንና ልጆችን በእውነት ያካተተ ነው ወይ። እኚህ ጠበቃ በ2023 የዚያው ፍርድ ቤት ዳኛ ሆነው ተሾመዋል።

ፍርድ ቤቱ የወሰነው

ፍርድ ቤቱ የችሎቱን ረዳት ሐሳብ ተቀበለ። የማሰላሰያው ጊዜ ዓላማ መታረቅ የሚችሉ ሰዎች ቸኩለው እንዳይለያዩ መጠበቅ ነው፤ ትርጉም ያጣ ጋብቻን ማራዘም ወይም ተስፋ በሌለበት የሰዎችን ስቃይ ማርዘም ዓላማው አይደለም ሲል አብራራ። በዚህም መሠረት ጊዜው መመሪያ ሰጪ እንጂ አስገዳጅ አይደለም አለ።

ዳኛው ጊዜውን ሊያልፍ የሚችልበትን ሁኔታም አስቀመጠ። የመጀመሪያው የሒሳብ ጉዳይ ነው፤ የአንድ ዓመቱ መለያየትና ስድስት ወሩ ተደምረው የመጀመሪያው አቤቱታ ከመቅረቡ በፊት ያለፉ መሆን አለባቸው፤ በጥቅሉ ዓመት ከመንፈቅ ማለት ነው። ሁለተኛው፣ ለማስታረቅ የተደረገው ጥረት ሁሉ ከሽፎ ወደፊትም ይሳካል የሚል ተስፋ የሌለ መሆኑ ነው። ሦስተኛው፣ ቀለብን፣ ልጆችንና ሌሎች ያልተቋጩ ጉዳዮችን በሚመለከት ከልብ መስማማታቸው ነው። አራተኛው፣ መጠበቁ ስቃያቸውን ከማራዘም ሌላ ጥቅም የሌለው መሆኑ ነው። ጥያቄው ከመጀመሪያው አቤቱታ አንድ ሳምንት በኋላ ምክንያቱ ተገልጾ ሊቀርብ ይችላል። ሁኔታዎቹ ተሟልተው ሲገኙም መፍቀድ አለመፍቀድ የችሎቱ ሥልጣን ነው።

ሌላም ትንሽ የምትመስል ግን ብዙ ሰው የጠቀመች ነጥብ ጨመረ። በቂ ምክንያት ኖሮት በአካል መቅረብ ላልቻለ ወገን ዳኛው ቪዲዮ ኮንፈረንስ መጠቀም፣ ወይም እንደ ወላጅና ወንድም እህት ባሉ የቅርብ ዘመዶች መወከልን መፍቀድ ይችላል። ሥራ ፍለጋ ወደ ባሕረ ሰላጤው አገሮች ወይም ወደ አሜሪካ ለሄዱ ሕንዳውያን ይህ በቀላሉ የሚታይ ነገር አይደለም።

የሠራውና ያልሠራው

ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው የፍርዱ መጨረሻ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ባልና ሚስቱን አላፋታም። «በዚህ ትርጓሜ መሠረት ወደ ችሎታችሁ ተመልሳችሁ እንደገና ማመልከት ትችላላችሁ» አላቸው። ቀኑን ቆጥረን እንየው፤ ቃላቸው የተመዘገበው ሜይ 8 ነው፣ ፍርዱ የተሰጠው ሴፕቴምበር 12። ስድስት ወሩ ቢቆጠር ቢዘገይ ኖቬምበር መጀመሪያ ላይ ያልቅ ነበር። ያተረፉት ጊዜ ቢበዛ ሁለት ወር ያህል ነው፤ እሱም ወደ ቲስ ሃዛሪ ተመልሰው ቀጠሮ እስኪያገኙ የሚፈጀው ጊዜ ገና ሳይቀነስ። ስለዚህ ለእነሱ ወደ ላይ መውጣቱ ብዙ አልጠቀማቸውም። የጠቀመው ከእነሱ በኋላ ለመጡት ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጥያቄው የሚታየው ባልና ሚስቱን በዓይኑ በሚያየው የቤተሰብ ችሎት ዳኛ ሆነ።

በግልጽ የሠራው ቅደም ተከተሉ ነው። መጀመሪያ ስምምነት፣ ቀጥሎ አቤቱታ፣ ከዚያ በከፊል የተፈጸመ ክፍያ፣ በመጨረሻ የጊዜ ማሳጠር ጥያቄ። ይህ ተገልብጦ ቢሆን፣ «መጀመሪያ እንፋታ፣ ስለ ገንዘቡ በኋላ እንነጋገራለን» ብለው ቢመጡ፣ ሦስተኛው ሁኔታ አይሟላም ነበር።

ያልሠራው ደግሞ ከ2008 ጀምሮ የተከፋፈለው ክርክር ነው። ወደ ዘጠኝ ዓመት የሚጠጋ ሙግት ያልፈታውን ነገር፣ አንድ ሰነድ ላይ ተቀምጠው የተደራደሩበት ስምምነት ፈታው። ይህን ስል ሙግቱ ሁሉ ከንቱ ነበር ማለቴ አይደለም፤ የተበደለች ሴት መብቷን የምታስከብርበት መንገድ መኖር አለበት። ግን ድርድሩ ቀድሞ ተጀምሮ ቢሆን ልጆቹ የሚያድጉበት ቤት ሌላ መልክ በኖረው ነበር።

አንድ ስጋት አለኝ። የማሰላሰያው ጊዜ ለደካማው ወገንም ጋሻ ነው። ገንዘብ የሌላት፣ በዘመድ ጫና የፈረመች ሚስት ስድስት ወሩ ውስጥ ምክር አግኝታ ሐሳቧን ልትለውጥ ትችላለች። ጊዜው ሲታለፍ ያ ጋሻ ይነሳል። ፍርድ ቤቱ «ከልብ የተደረገ ስምምነት» ያለው ለዚህ ነው፤ ዳኛው ግን ሁለቱን ለየብቻ ጠይቆ ካላረጋገጠ ቃሉ ባዶ ይሆናል።

ከዚያ በኋላ የመጣው

አንዳንድ ችሎቶች አራቱን ሁኔታዎች አንድም የማይጎድልበት ዝርዝር አድርገው ተረጎሟቸው፤ አንዱ ከጎደለ ይከለክሉ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በዲሴምበር 2021፣ ከተጋቡ ከጥቂት ቀናት በኋላ በተለያዩ ባልና ሚስት ጉዳይ፣ ሁኔታዎቹ ለምሳሌ የተጠቀሱ እንጂ ተሟልተው የተዘጉ አይደሉም ሲል አስተካከለ። ሜይ 1 ቀን 2023 ደግሞ አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በአንቀጽ 142 ጊዜውን ማለፍም ሆነ ሊጠገን በማይችል ሁኔታ የፈረሰ ጋብቻን ማፍረስ እንደሚችል ወሰነ። «ሊጠገን የማይችል» የሚለው ምክንያት በሂንዱ ጋብቻ ሕግ ውስጥ እንዲገባ የሕግ ኮሚሽኑ በ1978 እና በ2009 ቢመክርም ምክር ቤቱ አላጸደቀውም።

ስምምነት ሊሰበርም ይችላል። በ1991 እንደተወሰነው፣ አንዱ ወገን እስከ ፍርዱ ቀን ድረስ ፈቃዱን ማንሳት ይችላል፤ ያኔ በዚህ አንቀጽ ፍቺ አይሰጥም። የዴልሂ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2018 እንዳለው፣ ለችሎት የገባውን ቃል ያፈረሰ ሰው በችሎት ትእዛዝ ጥሰት ሊጠየቅ ይችላል፣ እንዲፋታ ግን አይገደድም።

ለሌላ ጉዳይ የሚተርፈው

ስምምነት ሲረቀቅ ክፍያውን በደረጃ መከፋፈል ይረዳል። በዴልሂ እንደተለመደው ከፊሉ በመጀመሪያው ቀጠሮ፣ ቀሪው በሁለተኛው ሲከፈል፣ አንደኛው ወገን ገንዘቡን ወስዶ እንዳይጠፋ፣ ሌላኛውም ፍቺውን አግኝቶ እንዳይክድ ይጠብቃል። በስምምነቱ ውስጥ በመካከላቸው ያለው እያንዳንዱ መዝገብ ከነቁጥሩ መጠቀስ አለበት። የወንጀል ክስ ካለ ማንሳቱ በሁለቱ ፈቃድ ብቻ አያልቅም፤ በአንቀጽ 498ኤ የቀረበ ክስ እንዲዘጋ ከፍተኛ ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ያስፈልጋል። ይህ ተረስቶ፣ ከተፋቱ በኋላ በወንጀል መጥሪያ የሚገናኙ ሰዎች አሉ።

ጥያቄው ሲጻፍም «ተስፋ የለም» ማለት አይበቃም። ከየትኛው ወር ጀምሮ ተለያዩ፣ ማን ሸመገለ፣ ስንት ጊዜ ተሞከረ፣ ልጆቹ የት ይማራሉ፣ ማን ይይዛቸዋል የሚለው ተቆጥሮ ሲቀርብ ዳኛው የሚመዝነው ነገር ያገኛል።

ለእኛም የሚነጻጸር ነገር አለ። በአዲስ አበባና በድሬዳዋ የሚሠራበት በአዋጅ ቁጥር 213/1992 የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በስምምነት መፋታትን ይፈቅዳል። ባልና ሚስት የፍቺውን ውጤት የሚመለከት ስምምነታቸውን ለፍርድ ቤት ያቀርባሉ፤ ፍርድ ቤቱም ከሦስት ወር የማይበልጥ የማሰላሰያ ጊዜ ሊሰጣቸው ይችላል። የሕንዱ ስድስት ወር ትንሹ ገደብ ነው፣ የእኛ ሦስት ወር ግን ትልቁ። የሕንድ ዳኛ ከ2017 በፊት ያልነበረውን ሥልጣን የእኛ ዳኛ ከመጀመሪያው በሕጉ ተሰጥቶታል። ስለዚህ በእኛ ችሎት የሚያስፈልገው ሥልጣኑ እያለ ለሁሉም አንድ ዓይነት ቀጠሮ መስጠትን መተው ነው። አሥር ዓመት ተለያይተው፣ ንብረት ተካፍለው፣ ስለ ልጆቻቸው በጽሑፍ ተስማምተው የመጡትን ትናንት ከተጣሉት ለይቶ ማየት ይቻላል፤ ለዚያም ባለጉዳዩም ሆነ ጠበቃው የመለያየቱን ጊዜ፣ የሽማግሌዎቹን ሙከራና የተፈጸመውን ክፍያ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በሰነድ ይዘው መቅረብ አለባቸው።